የቦኖሻው ዘር

ሚስተር ሊም ወንድሜን ሊወስድ ከኮሪያ ድረስ እንደ መጣ ከእኔ በቀር ያወቀ ሰው አልነበረም። እኔ ዘጠኝ ዓመቴ ነው፤ ወንድሜ ሳሙኤል ሦስት ሞልቶታል። ጊዜው ሁለት ሺህ ሁለት ዓመተ ምሕረት፣ ወሩ ኅዳር፣ ከተማው ሆሳዕና።

ነጩ ላንድክሩዘር በራችን ላይ ሲቆም የሰፈሩ ልጆች «ቻይና! ቻይና!» እያሉ ከበቡት። ሰውየው ወርዶ ጣቱን እያወዛወዘ፣ «ቻይና ኖ! ኮሪያ» አላቸው። እነሱም ቅር ሳይላቸው «ኮሪያ! ኮሪያ!» እያሉ ቀጠሉ። አጠር ያለ፣ ጸጉሩ በጣም የተስተካከለ፣ ጫማው አቧራ የማይነካው የሚመስል ሰው ነበር። አብሮት ወንዳፈረው የሚባል የአዲስ አበባ ሰው መጥቷል፤ አስተርጓሚም ደላላም ነው።

የመጡት ለበርበሬ ነው ተባልን። አባቴ ማቴዎስ የገበሬዎች ዩኒየን ሥራ አስኪያጅ ነበር። በዚያ ዓመት ሁለቱ መንግሥታት አዲስ አበባ ላይ የንግድ ስምምነት ተፈራርመው፣ የኮሪያ ነጋዴዎች ከየአካባቢው ናሙና ሲያስመጡ ከእኛ ወጣ ብላ ያለችው የቦኖሻ ከተማ በርበሬ ተመርጦ ኖሯል። ይህን ሁሉ በቅጡ ያወቅሁት ካደግሁ በኋላ ነው። ያኔ የገባኝ አንድ የሩቅ አገር ሰው እኛ ቤት ምሳ ሊበላ መምጣቱና አባቴ ለዚህ ብሎ አዲስ ከረባት ማሰሩ ብቻ ነበር።

እናቴ ከቡላ የሠራችውን አታካና ከነቅቤው አቀረበች። ሚስተር ሊም ጥቂት ቀመሰና ራሱን እየነቀነቀ አመሰገነ፤ ዓይኑ ግን ከምግቡ ላይ አልነበረም። ጥግ ላይ በሰፌድ ወደ ተቀመጠው ዛላ በርበሬ ይመለከት ነበር። ተነሥቶ አንዱን ዛላ አነሣ። አሸተተው። ከዚያ ነከሰው። ልጆቹ ሁሉ እስኪያለቅስ በመስኮት ጠበቅነው፤ አላለቀሰም። ዛላውን በጥፍሩ ሰንጥቆ ፍሬውን ነጭ መሐረብ ላይ አራገፈ፤ ከኪሱ ትንሽ ማጉያ መነጽር አውጥቶ ፍሬውን አንድ በአንድ አየ። ሲጨርስ መሐረቡን አጣጥፎ ኮት ኪሱ ውስጥ ከተተው።

አባቴ እናቴን አያት። እናቴም አየችው። ከዚያች ደቂቃ በኋላ የቤቱ ሳቅ ሁሉ የይምሰል ሆነ።

ከዚያ ሚስተር ሊም ሳሙኤልን አየው። ከቤታችን ቀይ እሱ ብቻ ነው። እኛ ጠይሞች ነን፤ እሱ ቦኖሻ ያለችውን የአባቴን እናት ቁርጥ ስለሚመስል ዘመድ ሁሉ «የእማማ ዘር» ይለው ነበር። ሰውየው ብድግ አድርጎ አነሣው፣ እንደሚመዝን ሰው ሁለት ጊዜ ከፍ ዝቅ አደረገው፣ ከረሜላ አጎረሰው። ከዚያ አንድ ዛላ በርበሬ አስይዞ በር ላይ አቆመውና ፎቶ አነሣው። አንዴ አይደለም፤ አምስት ስድስት ጊዜ። እኔን አላነሣኝም።

ፎቶ ምን እንደሚያስከትል ከሰፈሩ ልጆች ሁሉ ይበልጥ የማውቀው እኔ ነበርኩ። ከአጥራችን ማዶ ትንሣኤ የምትባል ጓደኛ ነበረችኝ። አባቷ ሞቶ እናቷ ብቻዋን ነው የምታሳድጋት። መጀመሪያ ፈረንጆች መጥተው ፎቶ አነሷት። ከዚያ ጤና ጣቢያ ተወስዳ ተመዘነች፣ ደም ሰጠች። ከዚያ ማኅተም ያለበት ወረቀት መጣ። ከዚያ አንድ ጠዋት አዲስ ጫማ አድርጋ ወደ መናኸሪያ ሄደች። «ልማር ነው፤ ለገና እመጣለሁ» አለችኝ። እናቷም የተነገራት እንደዚያ ነበር። ለገና አልመጣችም። የመጣው ፎቶዋ ነው፤ በረዶ ላይ ቆማ፣ ከጀርባው የማናውቀው ስም ተጽፎበት። እናቷ ፎቶውን ይዛ እኛ ቤት መጣችና እናቴን፣ «አንቺ አስተማሪ ነሽ፤ እስቲ አንብቢልኝ» አለቻት። እናቴ ያንን ስም ሦስት ጊዜ ደጋግማ አነበበችላት። ሴትዮዋ በሦስቱም ጊዜ «የማን ነው?» አለች።

እንግዶቹ በሄዱ በሦስተኛው ቀን ሳሙኤል አተኮሰው። እናቴ ጤና ጣቢያ ስትወስደው ተከትያት ሄድኩ። ሚዛን ላይ አስቀመጡት። ጣቱን ወግተው ደም ወሰዱ። ዛሬ ዱራሜ ውስጥ የላብራቶሪ ባለሙያ ነኝ፤ እናቴ ያን ካርድ እስካሁን ስላስቀመጠችው ውጤቱን አንብቤዋለሁ፤ ወባ ነበር የፈለጉበት። ያኔ ግን በሩን ተደግፌ፣ ፎቶ፣ ሚዛን፣ ደም ብዬ በልቤ ቆጠርኩ። የቀረው ወረቀቱ ነው።

ወረቀቱን የምታዘጋጀው እትዬ እህተማርያም እንደምትሆን ጠርጥሬ ነበር። የዩኒየኑ ጸሐፊ ናት። አባቷ ለመንግሥት ሥራ ከሰሜን መጥቶ እዚሁ የቀረ፣ እሷም እዚሁ ሆሳዕና ተወልዳ ያደገች፣ ሀዲይኛ ከእኔ አስተካክላ የምትናገር ሴት። ልጇ ዮሲ ከእኔ ጋር ሦስተኛ ክፍል ነው። የዩኒየኑ ማኅተም የሚቀመጠው በእሷ ቦርሳ ውስጥ ነበር፤ በዚያ ዕድሜዬ ማኅተም የያዘ ሰው የፈለገውን ማድረግ የሚችል ይመስለኝ ነበር።

እሑድ ከቅዳሴ በኋላ እኛ ቤት መጣች። እኔ መኝታ ቤት ሳሙኤልን አስተኛለሁ። በሩ ላይ ያለው መጋረጃ ብቻ ስለሆነ የሚያወሩት ይሰማኛል።

«ሚስተር ሊም ሌላ ምንም አልፈለገም፤ እሱን ብቻ ነው የፈለገው» አለች እትዬ እህተማርያም። «ፎቶውን አገሩ ላሉት አለቆቹ ልኮላቸው በጣም ወደውታል።»

«አይወዱትም እንዴ!» አለች እናቴ። «እንደዚያ ቀይ የሆነ የት አይተው ያውቃሉ?»

«የእናቴ ዘር ነው» አለ አባቴ። «እናቴ በእጇ ያሳደገችው ነው። እሷ ሳትፈቅድ ወዴትም አይሄድም።»

«አቶ ማቴዎስ፣ እኔን የሚያስፈራኝ ሌላ ነው። አንዴ ከሄደ ስሙን ቀይረው በራሳቸው ስም ያስመዘግቡታል። ከዚያ በኋላ የእኛ ነው ብንል ማን ይሰማናል?»

ሳሙኤል አፉን ከፍቶ ተኝቷል። እጄን ደረቱ ላይ አደረግሁ።

«የጤናውስ ነገር?» አለች እናቴ።

«ተመርምሯል፤ ንጹሕ ነው ተብሏል። የቀረው የትውልድ አገር ምስክር ወረቀት ነው፤ እሱንም ጽፌ እጨርሳለሁ። ሐሙስ ከኤምባሲውም ሰው ይመጣል።»

«ሐሙስ እፈርማለሁ» አለ አባቴ። «መሐረቡን ግን አልረሳሁትም። ያንን ሰውዬ አላመንኩትም።»

አላመነውም፤ ግን ሊፈርም ነው። ለረጅም ጊዜ አባቴን ያየሁት በዚህች ዓረፍተ ነገር ውስጥ ነው። ሲስመኝ ፊቴን አዞራለሁ። ሳሙኤልን ሲያቅፈው በዓይኔ እጠብቀዋለሁ። ትምህርት ቤት ዮሲን፣ «እናትህ ምን እየጻፈች ነው?» ስለው፣ «ሚስጥር ነው፤ የመንግሥት ነው» አለኝ። ደግሞ ልጆች አውሮፕላን ላይ እንዳያለቅሱ የእንቅልፍ መድኃኒት እንደሚሰጣቸው የነገረኝ እሱ ነው። ከየት እንዳመጣው እንጃ።

ሐሙስ ጠዋት እናቴ ለማስተማር በጊዜ ወጣች። እኔ የከሰዓት ፈረቃ ነኝ። ሠራተኛችን ጓሮ ልብስ ታጥባለች፤ አባቴ ግቢው ውስጥ መስታወት ግንድ ላይ አንጠልጥሎ ጢሙን ይላጫል። እትዬ እህተማርያም እየተቻኮለች ገባች፤ በእጇ ትልቅ ቡናማ ፖስታ ይዛለች።

«አቶ ማቴዎስ፣ ሁሉም አልቋል። ከናሙናው ጋር አሽጌዋለሁ።»

«ሳሎን ጠረጴዛው ላይ አድርጊልኝ» አላት፤ ፊቱ በአረፋ ተሸፍኗል።

አስቀምጣው ወጣች። እኔ ወዲያው ፖስታውን አነሣሁት። ማኅተም አለው። ወዘወዝኩት፤ ውስጡ የደረቀ ነገር ሻ፣ ሻ አለ። መድኃኒቱ ነው አልኩ። ከሹራቤ ሥር ከተትኩትና ቀበቶዬ ውስጥ ሻጥኩት። አባቴ ተጣጥቦ፣ ኮቱን ለብሶ፣ ጠረጴዛውን አየት አድርጎ ወጣ። እትዬ እህተማርያም መልሳ ወደ ቢሮ የወሰደችው መስሎታል። እሷ ደግሞ እሱ ይዞት የሚመጣ መስሏታል።

ሳሙኤልን ጫማ አደረግሁለትና ጀርባዬ ላይ አዘልኩት። ወደ መናኸሪያ።

መናኸሪያው እንደ ወትሮው ተሸካሚው፣ ቲኬት ሻጩ፣ ረዳቱ የሚጯጯህበት ነው። «ቦኖሻ! ቦኖሻ! አንድ ሰው የቀረው!» የሚለውን ድምፅ ተከትዬ ሄድኩ። ረዳቱ አየኝ፤ ጀርባዬንም አየ።

«ማን ልኮሽ ነው?»

«አባዬ። አያታችን ጋ ልንሄድ ነው።»

የደብተር መግዣዬን ሰጠሁት። አጠገቤ የተቀመጠችው ሱምያ የምትባል ቦኖሻ ላይ በርበሬ የምትነግድ ሴት ነበረች። ትንሽ እንደ ሄድን ፊቴን ትክ ብላ አየችው።

«የማቴዎስ ልጅ አይደለሽም?»

«አይደለሁም።»

«እንዴት አይደለሽም! ዩኒየን ግቢ አይቼሽ አውቃለሁ።» ሳሙኤልን ከጭኔ ላይ ወሰደችው። «እናታችሁ የት ናት?»

ፊቴን ወደ መስኮቱ አዞርኩ። ቦኖሻ ልንደርስ ስንል ያለው ድልድይ ላይ ከብቶች ሲያልፉ መኪናው ቆመ። ሱምያ ሳሙኤልን ከፕላስቲክ ጠርሙስ ውኃ ታጠጣዋለች። ፖስታውን ከሹራቤ አወጣሁና በመስኮቱ ወረወርኩት። የድልድዩን ጠርዝ መትቶ፣ ተገልብጦ፣ ወደ ደፈረሰው ወንዝ ወረደ። በሕይወቴ እንደዚያ ያለ እፎይታ ተሰምቶኝ አያውቅም። እናቴን ያዳንኳት መሰለኝ፤ ሳሙኤልን ያዳንኩት መሰለኝ፤ ለትንሣኤም የተበቀልኩላት መሰለኝ።

አያቴ ቤት አልደረስኩም። ሱምያ ከመኪናው እንደ ወረድን አባቴ ጋ ደወለች፤ አያነሣም። ደጋግማ ሞክራ እምቢ ሲላት ወደ ሆሳዕና በሚመለስ አይሱዙ ላይ ከሾፌሩ ጎን አስቀምጣን፣ ራሷም አብራን መጣች። ሥራዋን ጥላ። ስለዚያም አላመሰገንኳትም፤ ከእነሱ ወገን ናት ብዬ ነበርና።

ዩኒየኑ ግቢ ስንደርስ ስምንት ሰዓት ሆኗል። የላንድክሩዘሩ በሮች ሁሉ ተከፍተዋል። ሁለት ሻንጣ ሣሩ ላይ ተገልብጧል፤ ዘበኛውና ሁለት የዩኒየኑ ኮሚቴ አባላት የሚስተር ሊምን ሸሚዞች እየዘረጉ፣ እያራገፉ፣ የካልሲውን ውስጥ ሳይቀር በጣታቸው ይፈትሻሉ። ከኤምባሲው የመጣችው ኮሪያዊት ጀርባዋን ሰጥታ በስልክ ትናገራለች። ወንዳፈረው፣ «ይሄ ነውር ነው! የመንግሥት እንግዳ ነው!» እያለ ይጮኻል። ሚስተር ሊም ብቻ እጆቹን ወደ ታች ዘርግቶ ቆሟል።

ሳሙኤልን የሚፈልጉ መሰለኝ። ሻንጣ ውስጥ ደብቆት እንደሆነ የሚያዩ መሰለኝ። ከአይሱዙው ዘልዬ ወረድኩና፣ «እዚህ ነው! አልወሰደውም! ሳሙኤል እዚህ ነው!» ብዬ ጮህኩ።

ሁሉም ዞረ። የገባው ሰው አልነበረም። አባቴ መጀመሪያ እኛን፣ ቀጥሎ ሱምያን አየ፤ ፊቱ ላብ በላብ ነበር። ሚስተር ሊም ሳሙኤልን ሲያይ ፊቱ ትንሽ ፈታ አለ። መጥቶ ጉንጩን ሊነካው እጁን ዘረጋ። እጁን በኃይል ገፋሁት። ሰውየው እጁን መለሰ፤ ዓይን ዓይኔን አየኝ፤ ከዚያ በትንሹ ጎንበስ ብሎ እጅ ነሣኝ። ወደ ሣሩ ተመልሶ ተንበረከከና ሸሚዞቹን አንድ በአንድ ማጠፍ ጀመረ። ማንም አላገዘውም።

እትዬ እህተማርያም የቢሮው ደረጃ ላይ ቆማለች። ከኋላዋ በተከፈተው በር፣ ለሥነ ሥርዓቱ የተነጠፈው ጠረጴዛና ሁለቱ ትናንሽ ባንዲራዎች ይታያሉ። የኮሪያውን ባንዲራ የሚገዛበት ስለጠፋ ከመጽሐፍ አይታ በእጇ የሰፋችው እሷ እንደ ነበረች እናቴ ነግራኛለች።

«ፖስታው መጨረሻ የታየው በአንቺ እጅ ነው» አላት አባቴ፤ ሰው ሁሉ እየሰማ።

አፏን ከፈተች። ከዚያ እኔን አየችኝ፤ ረጅም አስተያየት። አፏን መልሳ ዘጋችው። ሚስጥሯን እንዳላወጣባት ፈራች ብዬ በልቤ ደስ አለኝ።

እንግዶቹ ፊርማ ሳይኖር፣ ምሳ ሳይበሉ ሄዱ። ማታ አባቴ አልጋዬ ጫፍ ላይ ተቀምጦ፣ «ሔዋን፣ ጠረጴዛው ላይ ፖስታ አይተሻል?» አለኝ።

«አላየሁም።»

«ለምን ሄዳችሁ?»

«አያቴ ናፍቃኝ።»

አምኖ ሳመኝ። ያቺን ማታ ፊቴን አላዞርኩም።

ከአንድ ወር በኋላ አዲስ አበባ ካለው ኤምባሲ አጭር ደብዳቤ መጣ፤ ጉዳዩ ለጊዜው ቆሟል የሚል። ለጊዜው የተባለው ለዘለዓለም ሆነ። የኮሪያው ኩባንያ በርበሬውን ከሌላ አገር ገዛ ሲባል ሰማን። የቦኖሻ ገበሬዎች፣ ለዚያ ገበያ ብለው የዘሩትን ሁሉ፣ ለአላባና ለሻሸመኔ ነጋዴዎች በርካሽ አራገፉት። ከተማውም ሌባ መፈለጉን ያዘ። አንዳንዱ፣ «ኮሪያው ነው፤ መሐረቡን አልሰማችሁም?» አለ። አንዳንዱ፣ «እህተማርያም ናት፤ ለወንዳፈረው ሰጥታው ነው» አለ። አንድ እሑድ ቤተ ክርስቲያናችን በር ላይ አንዲት የእናቴ ጓደኛ ድምጿን ቀንሳ፣ «ለመሆኑ የሴትዮዋ ዘር ከየት ነው?» ስትል ሰማኋት። አርባ ዓመት ሙሉ እንዲህ ብሎ የጠየቃት አልነበረም።

ኮሚቴው ከሥራ አገዳት። ኅዳር አለፈ፣ ታኅሣሥ አለፈ፤ ጥር ላይ ዕቃዋን ይዛ ከተማውን ለቀቀች። መናኸሪያው በር ላይ ዮሲ ፍራሽ ላይ ተቀምጦ አየሁት፤ ሰላም ስለው ወደ ሌላ በኩል ዞረ። ይገባቸዋል አልኩ።

እውነቱ የተገለጠልኝ በአሥራ ስድስት ዓመቴ፣ ቦኖሻ፣ አያቴ በሞተችበት ለቅሶ ላይ ነው። ድንኳኑ ውስጥ ውኃ አዞራለሁ። ሽማግሌዎቹ ሟቿን እያነሡ፣ «በርበሬዋ እኮ ኮሪያ ሊሻገር ነበር» አሉ።

«ዘሩን ነበር የፈለጉት» አለ አባቴ። «እናቴ ሃያ ዓመት ሙሉ እየለቀመች ያሳደገችውን ቀዩን ዘር። ስሙን ቀይረው የራሳችን ነው እንዳይሉ፣ የቦኖሻ መሆኑን ውሉ ላይ አስጽፌ ነበር። የሚጠብቀን ያ ወረቀት ነበር። ጠፋ።»

ማንቆርቆሪያው እጄ ላይ ቀረ። አንድ ሽማግሌ ብርጭቆውን ዘርግቶ ሲጠብቀኝ ትዝ ይለኛል። ቀይ። የእናቴ ዘር። የጤና ምርመራ። የትውልድ አገር ወረቀት። እያንዳንዱ ቃል ተራ በተራ ተገልብጦ ሌላ ፊቱን አሳየኝ። ቤተ ክርስቲያን በር ላይ የሰማሁት የዚያች ሴት ቃልም ምን ማለት እንደ ነበር ገባኝ። ሚስተር ሊም በመሐረቡ የያዘውን ምን እንዳደረገበት ግን እስከ ዛሬ አላውቅም፤ ምናልባት ምንም አላደረገበትም።

ያን ዕለት መናገር ነበረብኝ። አልተናገርኩም። በማግሥቱም፣ በዓመቱም፣ ኮሌጅ ስገባም፣ ሥራ ስይዝም አልተናገርኩም። ልጅ ሆኜ የዋሸሁት ለወንድሜ ብዬ ነው፤ ካወቅሁ በኋላ ስምንት ዓመት ዝም ያልኩት ግን ለራሴ ብዬ ነው።

ባለፈው ጥር ለአባቴ ነገርኩት። ጡረታ ወጥቷል፤ በረንዳ ላይ ተቀምጦ ሬዲዮ ይሰማል። ሬዲዮውን ዘጋው። «ሂጂና ንገሪያት» አለኝ። አብረን እንሂድ ስለው፣ «በምን ፊቴ?» አለ።

ዮሲን በቴሌግራም ፈልጌ አገኘሁት። እናቱ አዲሎ ከተማ እንዳለች ጻፈልኝ፤ ከዚያ በላይ አንድ ቃል አልጨመረም።

አዲሎ፣ ጭነት መኪኖች ተሰልፈው ከሚቆሙበት ዳር፣ «ጽሕፈትና ፎቶ ኮፒ» የሚል ታፔላ ባለው ጠባብ ሱቅ ውስጥ አገኘኋት። እትዬ እህተማርያም መነጽር አድርጋ አንድ ተማሪ የሰጣትን ታባዛለች። ጸጉሯ ሸብቷል። ስሜን ስነግራት ማሽኑን አላቆመችም። ተማሪው እስኪወጣ ጠበቅሁና ሁሉንም በአንድ ትንፋሽ ነገርኳት፤ ሳሙኤልን፣ ፖስታውን፣ ድልድዩን።

«አውቃለሁ» አለችኝ።

«ምኑን?»

«ሹራብሽ ሥር ስትከቺው በመስኮት አይቼሻለሁ። ለአባትሽ የምታቀብዪው መስሎኝ ሄድኩ። ከሰዓት ከአይሱዙው ስትወርጂ ነው ነገሩ የገባኝ። ለምን እንዳደረግሽው ግን አሁን መስማቴ ነው።»

ወንበር ሳትሰጠኝ ራሴ ተቀመጥኩ። «ታዲያ ለምን አልተናገሩም፣ እትዬ?»

«ምን ብዬ? የሥራ አስኪያጁ ልጅ ወሰደችው ብል፣ ማን ላካት ነው የሚባለው። አባትሽ ይታሰር ነበር፤ አንቺን ደግሞ እያስለቀሱ ይጠይቁሽ ነበር። ዘጠኝ ዓመትሽ ነው።» የወረቀቶቹን ጠርዝ ጠረጴዛው ላይ እያንኳኳች አስተካከለች። «ለእሱ ግን ብቻውን ሆኖ ቢጠይቀኝ እነግረው ነበር። አሥራ አንድ ዓመት አብሬው ሠርቻለሁ። ዛሬ ይጠራኛል፣ ነገ ይጠራኛል ስል አገዱኝ። ዕቃዬ ተጭኖ እንኳ የመናኸሪያውን በር በሩን አይ ነበር። እንደ ጠረጠረኝ አውቃለሁ፤ ሰው ይጠረጥራል። ቢጠይቀኝና ባያምነኝ ይሻለኝ ነበር። ሳይጠይቀኝ ነው ያመነው።»

ስልኬን አውጥቼ አባቴ ጋ ደወልኩና ድምፁን ከፍ አደረግሁት።

«አባዬ፣ እሷ ጋ ነኝ።»

ሲተነፍስ ይሰማል። «ስጫት» አለ።

ስልኩን ዘረጋሁላት። ትንሽ አይታው ተቀበለችኝ። በዚያ ሁሉ ዓመት «አቶ ማቴዎስ፣ እርስዎ» ስትለው ነበር የማውቃት።

«ማቴዎስ» አለችው። «ይቅርታ እንዳትለኝ። መጀመሪያ ጠይቀኝ።»

አንድ ጭነት መኪና እያጓራ አለፈ። እስኪያልፍ ሁለቱም ጠበቁ።

«እህተማርያም» አለ አባቴ፤ ድምፁ ተሰብሯል። «ፖስታውን ወስደሽ ነበር?»

«አልወሰድኩም።»

«አምኜሻለሁ።»

«አሁንማ ልጅህ ነግራህ ነው» አለችው። እንባዋን በአውራ ጣቷ ከመነጽሯ ሥር ጠረገች። ስልኩን ግን አልመለሰችልኝም፤ ወደ ጆሮዋ አስጠግታ፣ እንዲቀጥል ጠበቀችው።